ቅጠሉን ከነመጋጠሚያው አምጡልን

ለልማት ሠራተኞችና ለኅብረት ሥራ ማኅበራት የቀረበ አስተያየት

የክረምቱ እርሻ በተጋመሰ ቁጥር ወደ ምርምር ጣቢያችን የሚመጣ እንግዳ አይጠፋም። አንዱ የልማት ሠራተኛ ነው፤ ሌላው የኅብረት ሥራ ማኅበር የሥራ አመራር አባል ነው፤ አልፎ አልፎም ገበሬው ራሱ ይመጣል። ሁሉም በእጃቸው አንድ ነገር ይዘዋል፤ በጋዜጣ ወይም በላስቲክ የተጠቀለለ ቅጠል። ጥቅሉ ሲፈታ የሚታየው ብዙውን ጊዜ የጠወለገ፣ ከመሐሉ የተበጠሰ፣ ሰፊው ክፍል ብቻ የቀረ ቅጠል ነው። ከዚያም «ይህ ምን በሽታ ነው? ምን መድኃኒት እንርጭበት?» የሚል ጥያቄ ይከተላል።

እንግዳው ረጅም መንገድ ተጉዞ የመጣ ስለሆነ ባዶ እጁን መመለስ ይከብዳል። እኛም ቅጠሉን አገላብጠን፣ በማጉያ መነጽር ተመልክተን፣ አንድ ነገር እንላለን። ይሁን እንጂ እውነቱን ለመናገር፣ ከእነዚህ ጥያቄዎች ብዙዎቹ መልስ የሚያገኙት እንግዳው ማሳው ላይ ትቶት በመጣው ክፍል ላይ ነው። ይኸውም ቅጠሉ ከግንዱ ወይም ከአገዳው ጋር የሚገናኝበት መጋጠሚያ ነው። በዚህ ጽሑፍ ለማስረዳት የምሞክረውም ይህንኑ ነው። የእኔ አስተያየት ባጭሩ፣ ቅጠልን የምንመረምረው ከጫፉ ሳይሆን ከሥሩ ጀምረን መሆን አለበት የሚል ነው። ይህን ባለማድረጋችን ገበሬው ገንዘብም ጉልበትም ያጣል። እኔም ራሴ አጥፍቼ ያየሁት ስለሆነ ከዚያው እጀምራለሁ።

1. ያጠፋሁት ጥፋት

ከዩኒቨርሲቲ ተመርቄ ሥራ በጀመርሁበት ጊዜ በአንድ የፍራፍሬ ችግኝ ጣቢያ ተመድቤ ነበር። ሥራው በኮምጣጤ ብርቱካን ችግኝ ላይ የጣፋጭ ብርቱካን ዐይን እየከተቱ ማዳቀል ነው። እንደሚታወቀው ዐይኑ ከእናት ዛፍ ላይ ሲወሰድ በአጠገቡ ያለው ቅጠል ሰፊው ክፍል ተቆርጦ ይጣላል፤ ቅጠሉን ከቅርንጫፉ ጋር የሚያገናኘው አጭር ዘንግ ግን ይተዋል። ያ ዘንግ ዐይኑን በጣት ለመያዝ እንደ እጀታ ያገለግላል። እኔም ከዚህ በኋላ «የቅጠል እጀታ» እለዋለሁ።

ማዳቀሉ በተፈጸመ ሁለት ሳምንት ተኩል ገደማ የያዙትንና ያልያዙትን ለመቁጠር መዝገብ ይዤ ወጣሁ። በአንዳንዱ ችግኝ ላይ እጀታው በጣት ሲነካ ወዲያው ይወድቃል፤ በሌላው ላይ ደርቆ ጠቁሮ ሙጭጭ ብሎ ተጣብቋል። እኔም በራሴ ግምት የወደቀውን «አልያዘም»፣ የተጣበቀውን «ይዟል» ብዬ መዘገብሁ። አልያዙም ያልኋቸውን ችግኞችም ማሰሪያ አስፈትቼ፣ ዐይናቸውን አስፍቄ፣ እንደገና እንዲዳቀሉ አዘዝሁ። አንድ መደብ ሙሉ በዚህ ዓይነት ከተበላሸ በኋላ በጣቢያው ብዙ ዓመት የሠሩ አንድ አዛውንት ሠራተኛ ጠጋ ብለው «ልጄ፣ የወደቀው እኮ ነው የያዘው። አልወድቅም ብሎ የደረቀው ነው የሞተው» አሉኝ።

በጊዜው አፈርሁ። በኋላ ግን ነገሩን ሳስበው በክፍል ውስጥ የተማርሁት ትምህርት ነበር፤ ከችግኙ ጋር አላገናኘሁትም እንጂ። ጤናማ የሆነ ቅጠል ከግንዱ የሚለየው ተገንጥሎ አይደለም። በእጀታው ሥር ስስ የሆነ የመለያያ ሽፋን አለ። ሰፊው የቅጠል ክፍል ኦክሲን የተባለውን የእድገት ንጥረ ነገር ያለማቋረጥ ወደ እጀታው ይልካል፤ ይህ ፍሰት እስካለ ድረስ የመለያያው ሽፋን ዝም ብሎ ይቀመጣል። ቅጠሉ ሲያረጅ ወይም ሲቆረጥ ፍሰቱ ይቋረጣል፤ ኤትሊን የተባለው ጋዝም ሥራውን ያፋጥነዋል። በዚህ ጊዜ በመለያያው ሽፋን ያሉ ሕዋሳት እርስ በርስ ያያዛቸውን ሙጫ ያሟሙታል፤ እጀታውም ንጹሕ ሆኖ ይላቀቃል፤ ቁስሉም በቡሽ መሰል ነገር ይሸፈናል።

ከዚህ እንደምንረዳው ቅጠልን መጣል የሕያው ተክል ሥራ ነው። የሞተ ዐይን ይህን ሽፋን ሊያዘጋጅ አይችልም፤ ስለዚህ እጀታው በላዩ ላይ ይደርቃል እንጂ አይወድቅም። ይህችን አንዲት ነገር ያለማወቄ ለጣቢያው አንድ መደብ ችግኝ፣ ችግኙን ይጠብቁ ለነበሩት ገበሬዎች ደግሞ አንድ የተከላ ወቅት አስከፍሏቸዋል።

ይኸው ሕግ በሌላ ሥፍራም ያገለግላል። አንድ ቅርንጫፍ ላይ ቅጠሎቹ ደርቀው ሳይወድቁ ተንጠልጥለው ብታዩ፣ ቅርንጫፉ በድንገት የሞተ ነው፤ ተሰብሮ፣ ተቃጥሎ ወይም ውኃው ተቋርጦበት ሊሆን ይችላል። ቅጠሎቹ ንጹሕ ጠባሳ ትተው ረግፈው ብታዩ ግን ተክሉ ራሱ የጣላቸው ናቸው፤ ምክንያቱ ድርቅ፣ እርጅና ወይም እንደ ቡና ቅጠል ዝገት ያለ በሽታ ሊሆን ይችላል። ሁለቱ ነገሮች የተለያዩ ናቸው፤ የሚሰጠውም ምክር የተለያየ ነው። ተበጥሶ በጋዜጣ የተጠቀለለ ቅጠል ግን ይህን ሊነግረን አይችልም።

2. መጋጠሚያው ምን ይሠራል?

የቅጠል መጋጠሚያ ከተክል ወደ ተክል ይለያያል። በባቄላ፣ በቦሎቄ፣ በድንች፣ በቡና፣ በጥጥና በዱባ ላይ ቅጠሉ የሚያያዘው በእጀታ ነው። የዱባው እጀታ ረጅምና ውስጡ ባዶ ነው፤ የቡናው አጭር ነው። በስንዴ፣ በገብስ፣ በጤፍ፣ በበቆሎና በማሽላ ላይ ግን እጀታ የለም። በእጀታው ፋንታ የቅጠሉ የታችኛው ክፍል አገዳውን እንደ ጎራዴ ሰገባ ዙሪያውን አቅፎ ይይዘዋል። ይህን ክፍል ሰገባ ብንለው ያስኬዳል። በእንሰትና በሙዝ ደግሞ ሰገባዎቹ እርስ በርስ ተደራርበው ግንድ የሚመስለውን ነገር ይሠራሉ።

ዓይነቱ ይለያይ እንጂ ሥራው አንድ ነው። አንደኛ፣ ቅጠሉን ወደ ብርሃን አቅንቶ ይይዛል። ሁለተኛ፣ ከሥር የመጣውን ውኃና ማዕድን ወደ ቅጠሉ፣ ቅጠሉ የሠራውን ምግብ ደግሞ ወደ ፍሬው፣ ወደ አገዳውና ወደ ሥሩ ያመላልሳል። ሦስተኛ፣ ቅጠሉ ከግንዱ ጋር በሚሠራው ማእዘን ውስጥ፣ ማለትም በቅጠሉ ብብት ውስጥ፣ የሚቀጥለውን ቅርንጫፍ ወይም አበባ የሚያወጣውን ዐይን ይጠብቃል። ይህ ሦስተኛው ሥራ ብዙ ጊዜ የሚረሳ ነው። ቅጠሉ የዚህ ዓመት ነው፤ በብብቱ ያለው ዐይን ግን የከርሞ ነው።

3. በቡና ላይ

የቡና ተክል ይህን ከማንም ይልቅ በግልጽ ያሳያል። ቀጥ ብሎ በሚያድገው ግንድ ላይ ቅጠሎች በየአንጓው ሁለት ሁለት ሆነው ፊት ለፊት ይወጣሉ። በእያንዳንዱ ቅጠል ብብት ውስጥ አንድ ሳይሆን ከላይ ወደ ታች የተደረደሩ ብዙ ዐይኖች አሉ። የላይኛው ዐይን ወደ ጎን የሚዘረጋውንና ፍሬ የሚይዘውን ቅርንጫፍ ያወጣል። የታችኞቹ ተኝተው ይቆዩና ግንዱ ሲጎነደል ወይም ሲጎብጥ ቀጥ ብለው የሚያድጉ ቀንበጦች ይሆናሉ።

እዚህ ላይ መጤን ያለበት ነገር አለ። ፍሬ የሚይዘውን የጎን ቅርንጫፍ የሚያወጣው ዐይን በአንድ ብብት አንድ ብቻ ነው። ቅርንጫፉ ከሥሩ ከተገነጠለ በዚያ አንጓ ላይ ሌላ የጎን ቅርንጫፍ አይተካም። ስለዚህ ልጆች ከብት ሲነዱ የሚሰብሩት፣ ለቀማ ላይ ያለ ሰው ወደ ራሱ ጎትቶ የሚገነጥለው ቅርንጫፍ ለዚያ ግንድ ለዘለቄታው የቀረ ቅርንጫፍ ነው። ገበሬው ግን «ያቆጠቁጣል» ብሎ ይጠብቃል። ያቆጠቁጣል፤ የሚወጣው ግን ከታችኞቹ ዐይኖች የሚመጣ፣ ቀጥ ብሎ የሚያድግ ቀንበጥ እንጂ የፍሬ ቅርንጫፍ አይደለም።

በጎን ቅርንጫፎቹም ላይ አበባው የሚወጣው ከቅጠሎቹ ብብት ነው። ቡናን አንድ በአንድ በመልቀም ፋንታ ቅርንጫፉን ከላይ እስከ ታች በእጅ መግፈፍ ያረጀ ልማድ ነው። በዚህ ጊዜ ያልበሰለው ከበሰለው ጋር ስለሚደባለቅ የጥራት ደረጃ ይወርዳል፤ ይህን ሁሉም ሰው ያውቃል፤ ማኅበራትም ስለሚቀጡበት ያስተምሩታል። ሆኖም ሌላም ጉዳት አለ። ቅጠሉ በግድ ሲገፈፍ ንጹሕ ሆኖ አይላቀቅም፤ የብብቱን ልጣጭ ይዞ ይሄዳል፤ በዚያ ያለው ዐይንም አብሮ ሊጎዳ ይችላል። እንግዲህ የማኅበር አመራሮች በለቀማ ወቅት ለገበሬው ሲናገሩ ስለ ዘንድሮው ዋጋ ብቻ ሳይሆን ስለ ከርሞው ዐይንም ቢናገሩ መልካም ነው።

ጉንደላ ላይም ያው ነው። ያረጀ ቡና ከመሬት ከ30 እስከ 45 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ላይ ሰያፍ ሆኖ ሲጎነደል፣ አዲሶቹ ቀንበጦች የሚወጡት ከብዙ ዓመት በፊት ከረገፉት ቅጠሎች አንጓ ነው። ስለዚህ ለጉንደላው የሚቀረው ጉቶ ጤናማ አንጓዎች ያሉበት፣ ልጣጩ ያልተላጠ መሆኑን አስቀድሞ በዓይን ማየት ያስፈልጋል።

4. በስንዴና በገብስ ማሳ

በስንዴ አምራች አካባቢዎች ለብዙ ዓመታት 2፣4-ዲ የተባለው መድኃኒት ሲረጭ ኖሯል። ይህ መድኃኒት ሰፋፊ ቅጠል ያላቸውን አረሞች ይገድላል፤ የሣር ዘር የሆኑትን ግን አይነካም። ከዚህ የተነሣ በብዙ ማሳ ላይ እንደ ስናር፣ አሰንዳቦና ሙጃ ያሉ የሣር አረሞች እየበዙ ሄዱ። እነዚህን በለጋነታቸው ከስንዴው ለይቶ ማወቅ አስቸጋሪ ነው። ብዙ የልማት ሠራተኞች «ዛላው ሲወጣ ይለያል» ይላሉ። ይለያል፤ ነገር ግን በዚያን ጊዜ አረሙ የማዳበሪያውን ድርሻ በልቶ ጨርሷል፤ ብዙም ሳይቆይ ዘሩን መሬት ላይ ያራግፋል።

መለያው ዛላው ላይ ሳይሆን መጋጠሚያው ላይ ነው። የቅጠሉን ሰፊ ክፍል በቀስታ ወደ ውጭ ሳቡና ከሰገባው ጋር የሚገናኝበትን ሥፍራ ተመልከቱ። በዚያ ሥፍራ ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው ከአገዳው ጋር ተጣብቆ የሚቆም ስስ ነገር ነው፤ ምላስ እንበለው። ሁለተኛው ግራና ቀኝ ወጥቶ አገዳውን የሚያቅፍ ነው፤ ጆሮ እንበለው። ልዩነታቸው እንደሚከተለው ነው።

ሀ. ስንዴ፤ ጆሮዎቹ ትናንሽ ናቸው፤ ጠጉርም አላቸው።

ለ. ገብስ፤ ጆሮዎቹ ትላልቅና ጠጉር አልባ ናቸው፤ አገዳውን ዙሪያውን አቅፈው ጫፍና ጫፋቸው ይደራረባል።

ሐ. ስናር፤ ጆሮ የለውም። ምላሱ ግን ረዘም ያለ፣ ነጣ ያለና ስስ ነው።

መ. ጤፍ፤ በስስ ምላስ ፋንታ አጭር የጠጉር ረድፍ ይታያል።

ይህን ለማየት የላብራቶሪ መሣሪያ አያስፈልግም። ጥፍርና ደኅና ዓይን፣ ቢበዛ አንድ አነስተኛ ማጉያ መነጽር ይበቃል። አንድ የልማት ሠራተኛ ይህን ለአሥር ገበሬዎች በማሳቸው ላይ ቢያሳይ፣ ገበሬዎቹ ደግሞ ለልጆቻቸው ቢያሳዩ፣ በመጀመሪያው አረም ጊዜ ስናሩ ይነቀላል። የዘር ብዜት የሚያካሂዱ ማኅበራት ደግሞ ከዚህ የበለጠ ይጠቀማሉ፤ ማሳቸው በምርመራ የሚወድቀው ብዙ ጊዜ በዚሁ አረምና በባዕድ ሰብል ምክንያት ነውና።

5. በበቆሎና በማሽላ ላይ

በበቆሎ ላይ የቅጠሉ ሰፊ ክፍል ከሰገባው የሚለይበት ሥፍራ እንደ ሸሚዝ አንገትጌ ሆኖ በግልጽ ይታያል። የሰብሉን እድሜ ለመናገር የሚበጀው ይህ ነው። በቀን ብቻ ብንቆጥር ቆላው ከደጋው ይለያያል። አንገትጌያቸው የታየ ቅጠሎችን ብንቆጥር ግን ሁላችንም በአንድ ቋንቋ እንነጋገራለን። ከአምስት እስከ ስድስት አንገትጌ እስኪታይ ድረስ የበቆሎው የእድገት ጫፍ ገና ከመሬት በታች ነው፤ ስለዚህ በረዶ ቢመታው ወይም ከብት ጫፉን ቢግጠው የመዳን ተስፋ አለው፤ ተቸኩሎ መገልበጥ አያስፈልግም። ከዚያ በኋላ ጫፉ ከመሬት በላይ ይወጣል፤ አገዳውም መርዘም ይጀምራል። ጉልበት ሲደርስ የሚጨመረው ዩሪያም የሚውለው በዚሁ ጊዜ ነው።

ሰገባው የጠላት መሸሸጊያም ነው። የአገዳ ቆርቁር የእሳት እራት እንቁላሏን በሰገባውና በአገዳው መካከል በረድፍ ታስቀምጣለች። እንቁላሉ ሲፈለፈል ትሎቹ ወደ ላይ ወጥተው በጉንጉኑ ውስጥ ቅጠል ይበላሉ፤ ቆየት ብለው አገዳውን በስተው ይገባሉ። አገዳው ውስጥ ከገቡ በኋላ የሚረጭ መድኃኒት ገንዘብ ማባከን ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 (በ2009 ዓ.ም.) ወደ አገራችን የገባው የአሜሪካ መጤ ተምች ግን እንቁላሉን በቅጠሉ ገጽ ላይ ክምር አድርጎ፣ በጠጉር መሰል ነገር ሸፍኖ ይጥላል። ሁለቱም በጉንጉኑ ውስጥ ቅጠል ስለሚበሱ ከሩቅ ሲያዩአቸው ይመሳሰላሉ። ስለዚህ አሰሳ የሚያደርግ የልማት ሠራተኛ የቅጠሉን ገጽ ብቻ አይቶ ከሄደ የአገዳ ቆርቁሩን እንቁላል ሳያይ ያልፋል። ከየማሳው ጥቂት ተክሎች ላይ ሰገባውን በጥፍር ከፈት አድርጎ ማየት ግዴታ መሆን አለበት።

አሁን ደግሞ አከራካሪ ወደሆነው ነገር እመጣለሁ። በሐረርጌና በሌሎችም አካባቢዎች የበቆሎና የማሽላ ቅጠል ለከብት መኖ ይሸለቀቃል። አንዳንድ ባለሙያዎች ይህን በጭፍኑ «ጎጂ ልማድ» ይሉታል። እኔ በዚህ አልስማማም። መሬት ጠባብ በሆነበት፣ በሬ እየደለበ በሚሸጥበት አካባቢ የከብቱ መኖ ከሰብሉ ተነጥሎ አይታይም። ገበሬው ቅጠል የሚሸለቅቀው ስለማያውቅ አይደለም፤ በሬው ስለሚርበው ነው። ስለዚህ «አትንኩ» ማለት ምክር አይሆንም፤ ማለት ያለብን የትኛውን፣ መቼና እንዴት የሚለውን ነው።

የትኛውን ቢባል፣ የታችኞቹን፣ ቢጫ መሆን የጀመሩትን። ፍሬውን በዋናነት የሚመግቡት በፍሬው አጠገብና ከፍሬው በላይ ያሉት ቅጠሎች ናቸው፤ እነርሱ በአበባ ጊዜ ከተሸለቀቁ ምርቱ በብርቱ ይቀንሳል። መቼ ቢባል፣ ፍሬው ወተት ሳለ ሳይሆን ከጠጠረ በኋላ። እንዴት ቢባል፣ ሰፊውን ክፍል ብቻ በማጭድ ቆርጦ ሰገባውን በአገዳው ላይ በመተው። በጉልበት ቁልቁል ሲሳብ ሰገባው ከአንጓው ተገንጥሎ ይመጣል። የእያንዳንዱ የአገዳ ክፍል ግርጌ፣ ማለትም ከአንጓው በላይ ያለው ሥፍራ፣ በለጋነቱ ለስላሳ ነው፤ እንዳይታጠፍ ደግፎ የያዘው ሰገባው ነው። ሰገባውን የገነጠለ ሰው አገዳውን ካለ ምርኩዝ ያስቀራል።

6. በእንሰት ላይ

በእንሰት አካባቢ ለሚሠሩ ባልደረቦቼ ስለ ሰገባ ልናገር ብሞክር ትምህርቱን የሚሰጡኝ ገበሬዎቹ ይሆናሉ። ቆጮ የሚፋቀው ከሰገባው ነው፤ ኮባው ለዳቦ መጋገሪያና ለመጠቅለያ ይውላል፤ በበጋም ቅጠሉ ለከብት ይቆረጣል። ተክሉ ለምግብም፣ ለዕቃም፣ ለመኖም የሚቆረጠው እዚሁ መጋጠሚያ ላይ ነው። አደጋውም የሚመጣው ከዚሁ ነው።

በባክቴሪያ የሚመጣው የእንሰት አጠውልግ በሽታ መንስኤ በእንሰት ላይ ተለይቶ በሳይንስ መጽሔት የተገለጸው እ.ኤ.አ. በ1968 በዳኛቸው ይርጉና በብራድበሪ ነው። እስከ ዛሬ የሚያድን መድኃኒት አልተገኘለትም። ከታመመው ወደ ጤነኛው ከሚያሻግሩት ነገሮች አንዱና ዋናው ቅጠል የተቆረጠበት ቢላዋ ነው። ስለዚህ ቢላዋውን ከተክል ወደ ተክል ሲሻገሩ በእሳት ማሳለፍ ወይም በበረኪና ማጠብ፣ የታመመውን ተክል ነቅሎ መቅበር፣ ከብት ወደ ታመመው ማሳ እንዳይገባ መከልከል ያሉን መከላከያዎች ናቸው።

በሽታውን ለመለየትም መጋጠሚያው ይረዳል። ቅጠል መጠውለግና ቢጫ መሆን ብቻውን ማስረጃ አይሆንም፤ ድርቅም፣ የሥር ጉዳትም ያጠወልጋል። የተጠረጠረውን ተክል የቅጠል እጀታ ወይም ሰገባ ቆርጦ ጥቂት መጠበቅ ነው። ከተቆረጠው ሥፍራ ወደ ቢጫ የሚያደላ ዝልግልግ ፈሳሽ ከወጣ በሽታው እርሱ መሆኑን የሚያመለክት ብርቱ ምልክት ነው። ከዚህ በኋላ ቢላዋውን ማጽዳትን መርሳት ግን በሽታውን በራስ እጅ መዝራት ነው።

7. በቦሎቄ ላይ የሚደርስ ስሕተት

በስምጥ ሸለቆ በቦሎቄ ማሳ ላይ እኩለ ቀን ላይ የደረሰ ሰው ቅጠሎቹ ጎናቸውን ለፀሐይ ሰጥተው ቆመው ሲያይ «ጠውልጓል» ብሎ ይመዘግባል። ይሁን እንጂ የቦሎቄ ቅጠል በእጀታው ግርጌና በየትናንሾቹ ቅጠሎች ሥር አበጥ ያለ መገጣጠሚያ አለው። ውኃ በዚህ መገጣጠሚያ ውስጥ ከአንዱ ጎን ወደ ሌላው ሲዛወር ቅጠሉ ይንቀሳቀሳል። ፀሐይ ሲበረታና ውኃ ሲያንስ ቅጠሉ ራሱን ከፀሐይ ያዞራል፤ ይህ በሽታ ሳይሆን ጥንቃቄ ነው።

ለመለየት እጀታውን መንካት ነው። እጀታው ጠንካራ ሆኖ ቅጠሉ ብቻ ከታጠፈ ተክሉ ራሱን እየጠበቀ ነው። እጀታውም አብሮ ከለመለመ ወይም ቅጠሉ በማለዳም ሳይቃና ከቀረ ግን ሥሩን ቆፍሮ ማየት ያስፈልጋል። ስለዚህ የቦሎቄ ማሳ ጉብኝት በማለዳ ቢሆን ይመረጣል።

8. ለሚነሡ ተቃውሞዎች

ይህን አስተያየቴን የሰሙ የሥራ ባልደረቦቼ ሁለት ነገር ይሉኛል። አንደኛው፣ «የልማት ሠራተኛው ሥራ በዝቶበታል፤ ቅጽ መሙላቱ፣ ሪፖርቱና ስብሰባው አልበቃ ብሎ የቅጠል ጆሮ ይቁጠር?» የሚል ነው። የሥራው ብዛት እውነት ነው። ነገር ግን እኔ ተጨማሪ ሥራ አልጠየቅሁም፤ የጠየቅሁት እጅ የሚያርፍበት ሥፍራ እንዲለወጥ ነው። ቅጠል ለማየት መጎንበሳችን ካልቀረ አንድ ስንዝር ዝቅ ብሎ ማየት ጊዜ አይፈጅም።

ሁለተኛው፣ «ይህ የተማሪ ቤት ትምህርት ነው፤ ገበሬው የሚፈልገው መድኃኒትና ማዳበሪያ ነው» የሚል ነው። ለዚህ መልሴ የችግኝ ጣቢያው አዛውንት ናቸው። እርሳቸው የመለያያ ሽፋን የሚባል ቃል ሰምተው አያውቁም፤ ነገሩን ግን ያውቁታል። የተማሪ ቤቱን ትምህርት ይዤ ችግኝ ያበላሸሁት እኔ ነኝ። እንግዲህ ጥፋቱ በትምህርቱ ላይ ሳይሆን ትምህርቱን ከማሳው ለይተን በመያዛችን ላይ ነው።

9. ምን ይደረግ?

ሀሳቤን በአራት ነጥብ እደመድማለሁ።

ሀ. የልማት ሠራተኞች ናሙና ስታመጡ ቅጠሉን ከእጀታው ወይም ከሰገባው፣ ከአንጓውም ጋር ቆርጣችሁ አምጡ። ቢቻል ተክሉን ከነሥሩ በእርጥብ ወረቀት ጠቅልሉት። የእንሰትን ናሙና ግን የታመመ ከመሰላችሁ ከማሳው አታውጡ፤ ባለሙያውን ወደ ማሳው ጥሩ።

ለ. በመስክ መጎብኛ ቅጻችሁ ላይ «የቅጠሉ ቀለም» ከሚለው በታች አንድ መስመር ጨምሩ፤ «መጋጠሚያው ምን ይመስላል?» የምትል።

ሐ. የኅብረት ሥራ ማኅበራት የፍራፍሬ ችግኝ ስትገዙ ቁጥር ብቻ አትረከቡ። በብርቱካን ችግኝ ላይ ከማዳቀያው በታች የወጣ ቅርንጫፍ ካለ የእናት ሥሩ ነው። የኮምጣጤ ብርቱካን የቅጠል እጀታ ግራና ቀኝ ሰፊ ክንፍ አለው፤ የጣፋጩ ብርቱካን ክንፍ ጠባብ ነው። የችግኙ ቅጠሎች ሁሉ ሰፊ ክንፍ ካላቸው የያዘው ዐይን ሞቶ እናት ሥሩ በቦታው አድጓል ማለት ነው። ይህን ርክክብ ላይ ሳታዩ ብትቀሩ ስሕተቱን የምታውቁት ከዓመታት በኋላ ዛፉ ኮምጣጣ ፍሬ ሲያፈራ ነው፤ ያን ጊዜ ገንዘቡን የሚመልስላችሁ አይኖርም።

መ. የሥልጠና ማእከላት ስለ ቅጠል ስታስተምሩ በሰሌዳ ላይ ከተሣለው ሥዕል ይልቅ አንጓ ያለው ተክል ወደ ክፍል አስገቡ። ከዚያም የአካባቢውን ሰው ጠይቁ። ለእያንዳንዱ የቅጠል ክፍል ስም ያለው ገበሬ አይጠፋም፤ ከእኛ ስም የእርሱ ሊሻል ይችላል።

እኛም በምርምር ጣቢያ ያለን ሰዎች ከዚህ ነፃ አይደለንም። የተበጠሰ ቅጠል ሲቀርብልን መልስ ለመስጠት ከመቸኮል «ይህ አይበቃንም፤ ማሳውን እንይ» የማለት ድፍረት ሊኖረን ይገባል። እንግዳ ባዶ እጁን መመለስ ነውር ቢመስልም፣ የተሳሳተ መድኃኒት አስይዞ መላክ ከዚያ የባሰ ነው። በሚመጣው ክረምት ጥቅሉን ስትፈቱልን አንጓው አብሮ ቢገኝ ሥራችሁም ሥራችንም በግማሽ ይቀልላል።